መግፊያ የሌለው ዊልቼር

እግሬ መጀመሪያ የከዳኝ ቀን በቦታው አራት ሰዎች ነበርን። ዴንቨር አየር ማረፊያ ውስጥ፣ መንገደኛውን ወደ አውሮፕላን መሳፈሪያው የሚያመላልሰው ባቡር የሚቆምበት ቦታ ነው። አንድ ሽማግሌ ዊልቼር ላይ ፊታቸውን ወደ ባቡሩ በር አድርገው ተቀምጠዋል። ሴት ልጃቸው በስተቀኛቸው ሻንጣ ይዛ ቆማለች። እኔ ከኋላቸው መግፊያውን በሁለት እጄ ይዣለሁ። ከእኔ ኋላ የሥራ ባልደረባዬ ለተብርሃን ባዶ ዊልቼር ይዛ ቆማለች። ለተብርሃን አስመራ ተወልዳ ያደገች፣ በአማርኛ የተማረች፣ ዕድሜዋ ከእኔ ብዙም የማይርቅ ሴት ናት።

«ጽጌ፣ ጫማሽ የት ሄደ?» አለችኝ።

ወደ ታች አየሁ። ግራ እግሬ በካልሲ ብቻ ነው። ጫማዬ ከኋላችን ርቆ፣ ሰው እየተሻገረው፣ መሬት ላይ ተቀምጧል። ሲወልቅ አልተሰማኝም። ያለ ጫማ ስራመድም አልተሰማኝም።

«እርጅና ነው እንዳትዪኝ። እኔም አርጅቻለሁ፤ ጫማዬ ግን እግሬ ላይ ነው» አለችና አምጥታ ሰጠችኝ።

ሳቅን። ሽማግሌውን አድርሼ፣ ሺፍቴን ጨርሼ ቤቴ ገባሁ።

ይህን የምጽፈው እንዲህ ያለ ሕመም ለገጠማችሁና በሽተኛ ለምታስታምሙ ነው። ስለ ራሴ ማውራት አልወድም። ነገር ግን አንዲት ሴት ያስተማረችኝ ነገር እኔ ዘንድ ብቻ ቢቀር ደግ አይሆንም። ሉዝ ትባላለች። የፊሊፒንስ ሰው ናት። በዊልቼር እሽቅድድም አገሯን ወክላ ብዙ ቦታ ተወዳድራለች። ወደ እሷ እመጣለሁ፤ አስቀድሞ ሕመሙን ልጨርስ።

በዚያው ምሽት ሆዴን ከነወገቤ በመቀነት ጥብቅ አድርገው ያሰሩኝ መሰለኝ። ልብሴን ባላላም አልላላ አለ። በማግስቱ ሁለቱም እግሮቼ ይነዝሩኝ ጀመር። ልጄ ሄኖክ ከሚኖርበት ከቶርንተን መጥቶ ክሊኒክ ወሰደኝ። ሐኪሙ እንዴት ነዎት ሲለኝ፣ «ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን» አልኩ። እኛ ሰው ሲጠይቀን የምንለው ይህንን ነው። ሄኖክም እንዳለ ተረጎመው። ስለ ጫማው ነገርኩ። ስለ ወገቤም ነገርኩ። ከዚያ ሐኪሙ ሽንት እንዴት ነው ብሎ ጠየቀ። ከጠዋት ጀምሮ አልመጣልኝም ነበር። ይህን ግን በልጄ አፍ እንዲነገር አልፈለግኩም። «እሱም ደህና ነው» አልኩ። ለወገብ የሚሆን ማስታገሻ ይዤ ተመለስኩ።

ሲነጋ ልነሳ ሞከርኩ። እግሮቼ አልመጡም። ሆዴ ተነፍቷል። ስልኩ ጠረጴዛ ላይ ነው። ከአልጋው ወረድኩ። በክርኔ ተጎተትኩ። ደረስኩ። ደወልኩ።

አምቡላንስ ያደረሰኝ ድንገተኛ ክፍል ውስጥ በስልክ የምታስተረጉም ሴት አገናኙኝ። ማን እንደሆነች አላውቅም፣ እሷም አታውቀኝም። ለእሷ ሁሉንም ነገርኳት። ወዲያው በቱቦ ሽንቴን አወጡልኝ። ኤምአርአይ አነሱኝ። ከአከርካሪዬ በመርፌ ፈሳሽ ቀዱ። ከሰዓት በኋላ የነርቭ ሐኪሟ መጥታ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀመጠች።

«ትራንስቨርስ ማየላይቲስ ይባላል» አለችኝ በአስተርጓሚዋ በኩል። «የሕብለ ሰረሰር መቆጣት ነው። ሰውነት ራሱን ሲያጠቃ የሚመጣ ነው። ብዙ ጊዜ ምክንያቱን አናገኘውም።»

«እሄዳለሁ?» አልኳት።

«አንዳንዱ ይሄዳል። አንዳንዱ በድጋፍ ይሄዳል። አንዳንዱ አይሄድም። የትኛው እንደሆኑ ዛሬ ብነግርዎ ውሸት ይሆናል።»

ሴትዮዋን ከዚያ ሰዓት ጀምሮ ወደድኳት።

በደም ሥሬ ስቴሮይድ ሰጡኝ። ብዙም ለውጥ ስላላመጣ ፕላዝማ ኤክስቼንጅ የሚሉትን ጀመሩ። ደም በአንድ ቱቦ ወጥቶ በማሽን ይጣራና በሌላ ቱቦ ይመለሳል፤ በበሽታው ውስጥ እጁ ያለበትን ፈሳሽ አውጥተው በሌላ ይተኩታል። ያ እያለቀ ሳለ የቀኝ እግሬ አውራ ጣት ተንቀሳቀሰ። ለማንም አልተናገርኩም። ደግሜ አንቀሳቀስኩት። ከዚያ ነርሷን ጠራሁ።

አውሮራ ወደሚገኝ የማገገሚያ ሆስፒታል አዛወሩኝ።

የገባሁበት ክፍል ሁለት አልጋ አለው። በመስኮቱ በኩል ባለው አልጋ ላይ አጭር፣ አንገቷ ወፍራም፣ ፀጉሯን በአጭር የተቆረጠች ሴት ተኝታለች። ቀኝ ክንዷ በጨርቅ ታስሮ ደረቷ ላይ ነው። እኔ ግን መጀመሪያ ያየሁት እሷን ሳይሆን አጠገቧ የቆመውን ዊልቼር ነው። ባለቤቴ ካረፈ ጀምሮ የኖርኩት ዊልቼር በመግፋት ስለሆነ፣ ዓይኔ መግፊያውን፣ ቀጥሎ ፍሬኑን፣ በመጨረሻ የተቀመጠውን ሰው ማየት ለምዷል። የዚህኛው ጎማዎች ከላይ ወደ ውስጥ ዘንበል ያሉ ናቸው። መደገፊያው አጭር ነው። መግፊያ የለውም። ሁለት የብረት ጉቶዎች ብቻ ቀርተዋል።

«መግፊያው ተሰብሮብሽ ነው?» አልኳት በምችላት እንግሊዝኛ።

«እኔው ነኝ የቆረጥኩት፤ በመጋዝ» አለች። «ሥራሽ ምን ነበር?»

«አየር ማረፊያ ዊልቼር እገፋለሁ።»

ትከሻዋ እስኪያማት ሳቀች። «ጠላቴን አምጥተው አጠገቤ አስተኙብኝ» አለች።

ዕድሜዬን ጠየቀችኝ። ከነገርኳት በኋላ «አቴ» ትለኝ ጀመር። በአገሯ ቋንቋ ታላቅ እህት ማለት ነው። እኛም እትዬ እንላለን አልኳት። ደስ አላት።

ሕይወቷን በአንድ ቀን አልነገረችኝም። ከቴራፒ ደክመን ስንመለስ፣ ምሳ እስኪደርስ፣ ጥቂት ጥቂት ትነግረኝ ነበር። የዓሣ አጥማጅ ልጅ ናት፤ የተወለደችው ትንሽ ደሴት ላይ ነው። በደንብ መሮጥ ሳትጀምር ፖሊዮ ያዛት። ታላቅ ወንድሟ በጀርባው አዝሎ ትምህርት ቤት ያደርሳት ነበር። ዝናብ ሲሆን ሁለቱም ጭቃ ለብሰው ይገባሉ፤ መምህሯም ሁለቱንም ትቀጣለች። ትንሽ ከፍ ስትል አባቷ ጣውላ ላይ አራት ትንንሽ ጎማ መታላት። ነጠላ ጫማ እጆቿ ላይ አጥልቃ መሬቱን እየገፋች መሄድ ጀመረች። «እግሬ ላይ ጫማ አድርጌ አላውቅም፤ በእጄ ግን ስንቱን ጨርሻለሁ» ትላለች።

ወጣት ስትሆን ማኒላ ሄደች። አካል ጉዳተኞች ራሳቸው ዊልቼር የሚሠሩበት ወርክሾፕ ገብታ ብየዳ ተማረች። ሠራተኞቹ ከሥራ ሲወጡ በወርክሾፑ ዙሪያ ባለው መንገድ ይሽቀዳደማሉ። እሷ ወንዶቹን ቀደመቻቸው። አንድ ሰው አየና ለውድድር መዘገባት። እንዲህ ተጀመረ። ኋላ ባለ ሦስት ጎማውን የእሽቅድድም ወንበር ራሷ በየደችው፤ በእስያ ከአገር አገር ዞረችበት። ስለ ሜዳሊያዎቿ የነገረችኝ አንዴ ብቻ ነው፤ እሱም በሩዝ ቆርቆሮ ውስጥ እንደምታስቀምጣቸው። ስለ ዳገት ግን ማውራት አይሰለቻትም። የትኛው ከተማ የትኛው መንገድ ላይ ዳገቱ እንደሚጀምር፣ አስፋልቱ ሻካራ ይሁን ለስላሳ፣ እጇን ጎማው ላይ የት ላይ እንዳሳረፈች ትነግረኛለች።

ነርስ የሆነች እህቷ አውሮራ ስለምትኖር ወደ ኮሎራዶ መጣች። የዚህ አገር ቀጭን አየር ለሳንባ ጥሩ ልምምድ ነው አለችኝ። ቀን ዊልቼር ትጠግናለች። ከሥራ ስትወጣ በወንዙ ዳር ባለው መንገድ ትለማመዳለች። ፀጉሯ ሸብቶም ትወዳደር ነበር። በመጨረሻው ውድድር ዳገት ላይ ቀኝ ትከሻዋ ተበጠሰ፤ ሮታተር ካፍ የሚሉት ጅማት ነው። ውድድሩን ጨረሰችና በረዶ ስጡኝ አለች።

የቀዶ ሕክምና ሐኪሟ ሊያያት ሲመጣ እኔም በመጋረጃው በኩል ሰማሁ። «ይህን ትከሻ ወይ ለውድድር ወይ ለኑሮ ነው የምትጠቀሚበት። ለሁለቱም አይበቃም» አላት።

«የትኛው ቶሎ ያልቃል?» አለችው።



እጇ እስኪድን ድረስ በአንድ እጅ ብቻ ወንበሯን ስታሽከረክር በቦታዋ ትዞራለች። እኔ ሁለት እጅ አለኝ፣ እግር የለኝም። ስለዚህ ምሳ ስንሄድ እሷ በደህናው እጇ የወንበሬን መደገፊያ ትይዛለች፤ እኔ የራሴን ጎማ እየገፋሁ እጎትታታለሁ። ነርሶቹ ባቡሩ መጣ ይሉናል። የታሰረውን ክንዷን እየፈታች ልታንቀሳቅሰው ስትሞክር ደግሞ «ተይ!» እላታለሁ። ይህችን ቃል በቀን ብዙ ጊዜ ስለምትሰማ ትርጉሟን ጠየቀችኝ። ነገርኳት።

አሁን ወደ ራሴ ጉዳይ ልመለስ።

ሶሻል ወርከሯና ፊዚዮቴራፒስቱ ማርክ ከእኔና ከሄኖክ ጋር ተቀመጡ። ነገሩን ግልጽ አድርገው ነገሩን። ከአልጋ ወደ ዊልቼር፣ ከዊልቼር ወደ ሽንት ቤት ብቻዬን መሻገር ከቻልኩ አውሮራ ወዳለው አፓርታማዬ እመለሳለሁ። ካልቻልኩ ሁልጊዜ ሰው አጠገቤ መኖር አለበት። ይህን ሁሉ ሲናገሩ የሚያዩት ሄኖክን ነበር። ይህን በሥራዬ አውቀዋለሁ። ተሳፋሪው ዊልቼር ላይ ተቀምጦ እያለ ሰው ሁሉ የት ነው የሚሄዱት ብሎ የሚጠይቀው ገፊዋን ነው። የተቀመጠው ሰው ዝም ሲል አይቼ፣ ስለደከመው ይመስለኝ ነበር።

ሄኖክ አስቀድሞ ወስኗል። «እማዬ፣ ቶርንተን እኛ ጋ ነሽ። አፓርታማውን እንለቃለን። ከእንግዲህ ምንም ነገር አትነኪም።»

«ቤቴን አልለቅም።»

«ሴፍ አይደለም እኮ። ብትወድቂስ?»

«እወድቃለሁ።»

«እና?»

«እደውልልሃለሁ።»

ልጄ ደግ ነው። ቤቱም ሰፊ ነው። ግን እሱም ሚስቱም በጠዋት ወጥተው ማታ ይመለሳሉ። መኝታ ቤቶቹ ፎቅ ላይ ናቸው። አንድ ሰው መጥቶ እስኪያወርደኝ ወይም እስኪያወጣኝ ድረስ በአንድ ክፍል ውስጥ ስጠብቅ ታየኝ። የምጠብቀው ጥቂት ሳምንት አይደለም። እስክሞት ነው። ቁልፌን ከቦርሳዬ አውጥቼ ትራሴ ሥር አደረግኩት።

ፈተናው የመጣው ከጥቂት ቀን በኋላ ነው። ያን ዕለት ጠዋት የማኅበራችን ሴቶች ሊጠይቁኝ መጥተዋል። ወይዘሮ አስካለና ሁለት ሌሎች ናቸው፤ እንግልውድ ባለ የአረጋውያን መጦሪያ በሌሊት ሥራ በሽተኛ ሲያነሱና ሲያስተኙ አድረው፣ ሳይተኙ፣ አጥሚት በፔርሙዝ ይዘው ነው የመጡት። ማርክ የመሻገሪያውን ጣውላ ይዞ ገባ። ለስላሳ ጣውላ ነው፤ አንዱ ጫፍ አልጋው ላይ፣ ሌላው ጫፍ ዊልቼሩ ላይ ይደረግና ሰው በመቀመጫው እየተንሸራተተ ይሻገራል። ጣውላውን ከሥሬ አስገባሁ። እጄን አስደገፍኩ። ገና አንድ ጊዜ ሳብ ስል ሦስቱም ከወንበራቸው ተነሱ።

«ኧረ እኛ እያለን እትዬ!»

አንዷ ብብቴን፣ አንዷ እግሬን፣ አስካለ ወገቤን ያዙ። ሥራቸው ስለሆነ ያውቁበታል። ዓይኔን ጨፍኜ ስከፍት ዊልቼሩ ላይ ነኝ። ማርክ እባካችሁ፣ እባካችሁ ሲል ማንም አልሰማውም። አስካለ ነጠላዬን አስተካከለችልኝና «እግዚአብሔር ይማርዎ» አለች።

ማርክ እኔን አየኝ። «ያየሁትን ነው መጻፍ የምችለው፤ በሦስት ሰው ተሻግረዋል» አለ።

 እንቅልፋቸውን ትተው የመጡ ሴቶችን ምን እላቸዋለሁ? ከሄዱ በኋላ ሉዝ ከአልጋዋ ሆና የተረፈውን አጥሚት እየጠጣች ስለ መግፊያው ነገረችኝ።

ብሔራዊ ቡድኑ የሚመረጥበት የጎዳና ውድድር ነበር። ያኔ የእሽቅድድም ወንበር አልነበራትም፤ በተራ ዊልቼር ነው የተወዳደረችው። ማለቂያው አካባቢ ዳገት አለ። ሁለተኛ ነበረች። ዳገቱ ላይ ፍጥነቷ ቀነሰ። ወንድሟ፣ ያ በጀርባው የሚያዝላት፣ በጀልባና በአውቶቡስ ተጉዞ ሊያያት መጥቷል። ከመንገዱ ዳር ቆሞ ስትደክም አያት። አልቻለም። ሰው እየገፈተረ ወጣና መግፊያውን ይዞ እያለቀሰ ወደ ላይ ገፋት።

«ከውድድሩ ሰረዙኝ» አለች። «ሰው ከነካሽ ደንቡ ነው።»

«ተጣላችሁ?»

«ትምህርት ቤት በጀርባው ካደረሰኝ ሰው ጋር እንዴት እጣላለሁ? ወርክሾፕ ገባሁና መጋዝ አነሳሁ። በዓመቱ በዚያው ዳገት ላይ አንደኛ ወጣሁ። እሱ እዚያው መንገድ ዳር ቆሞ ነበር። እጁን ኪሱ ከትቶ።»

ኩባያውን አስቀመጠች።

«አቴ፣ ዛሬ ሰርዘውሻል። ሌላ ውድድር ጠይቂ።»

ማርክን ጠየቅኩት። እሺ አለ። እስከዚያ በየቀኑ ለመድኩ። እኔ ወገቤን ቀጥ አድርጌ የምቀመጥ ሰው ነኝ፤ እናቴ እንዲያ ነው ያሳደገችኝ። ለዚህ ሥራ ግን እሱ አይሆንም። ወደ ፊት አፍንጫሽ ጉልበትሽን እስኪነካ ድረስ ማጎንበስ አለብሽ፤ ጭንቅላት ወደ አንዱ ወገን ሲሄድ መቀመጫ ወደ ሌላው ይነሳል። ማርክ በጨዋነት ነበር የሚያስረዳኝ። ሉዝ ግን ከአልጋዋ ሆና «አሁንም ቤተ ክርስቲያን የተቀመጥሽ ትመስያለሽ» ትለኛለች። «አጎንብሺ። ማን ያየኛል ብለሽ ነው?» መዳፌ ተላጠ። ትከሻዬ አበጠ። አንዴ ከጣውላው ተንሸራትቼ ማርክ መሬት ላይ አስቀመጠኝ። «አሁን መውደቅም ታውቂያለሽ» አለችኝ ሉዝ።

በሁለተኛው ፈተና ቀንም ማን የት እንደነበረ አስታውሳለሁ። ማርክ ከፊቴ ተንበርክኳል፤ እጆቹ ቅርብ ናቸው፣ ግን አይነኩኝም። ሄኖክ በበሩ በኩል ወንበር ላይ ተቀምጧል። አስካለ አጠገቡ ቆማለች፤ ሄኖክ ነግሯት ለመጸለይ ነው የመጣችው። ሉዝ መግፊያ የሌለውን ወንበሯን በእነሱና በእኔ አልጋ መካከል አቁማ ፍሬን ይዛለች።

«እጅህ ላይ ተቀመጥ» አለችው ሄኖክን።

ሳቀ። እሷ አልሳቀችም። ጢሙ የሸበተ ጎልማሳ እጆቹን ጭኖቹ ሥር አድርጎ ተቀመጠ።

ጣውላውን አስገባሁ። ፍሬኑን አየሁ። እጄን አስደገፍኩ። አጎነበስኩ። ተነሳሁ። ትንሽ ሄድኩ። ደገምኩ። መሃል ላይ ቀሚሴ ያዘኝ። አልሄድ አለ። ግራ እግሬ ብቻውን ይንቀጠቀጥ ጀመር። ላብ ዓይኔ ውስጥ ገባ።

«በማርያም፣ ወደቁ እኮ!» አለች አስካለ። ወደ ፊት ስትመጣ ሰማኋት።

«ተይ!» አለች ሉዝ።

በጥሩ አማርኛ ነው ያለችው። አስካለ ባለችበት ቀረች። አንዲት የማታውቃት የውጭ አገር ሴት በገዛ ቋንቋዋ፣ ያውም እንደ ልጅ፣ ተይ ስትላት ምን እንደምትመልስ ግራ ገባት። እኔ ሳቅ መጣብኝ። በዚያ ላይ መሳቅ አደገኛ ነው። ጥርሴን ነከስኩ። ቀሚሴን በአንድ እጄ ነጻ አወጣሁ። አጎነበስኩ። ተነሳሁ። ወንበሩ ላይ ደረስኩ።

ማንም አላጨበጨበም። ወደ ሽንት ቤቱ ሄድኩ። እዚያም ተሻገርኩ። ተመለስኩ።

«ማንም አልነካዎትም፤ ይህንኑ እጽፋለሁ» አለ ማርክ።

«እማዬ፣ እጄ ደነዘዘ» አለ ሄኖክ።

«ደግ» አልኩት። ቁልፌን ከትራሴ ሥር አወጣሁና ለእሱ ሳይሆን ለራሴ ቦርሳ ሰጠሁት።

አስካለ ስትወጣ ሉዝን ቆም ብላ አየቻት። «ይቺ ሴትዮ ስድብ ነው የተማረችው?» አለችኝ። አይደለም አልኳት። በሳምንቱ አጥሚት በሁለት ፔርሙዝ ይዛ መጣች፤ አንዱ የሉዝ ነበር።

ቤቴ ከገባሁ በኋላ ያለው ረጅም ነው፤ ረጅም የሆነው ግን መልካም ስለሆነ ነው። ሄኖክ የሽንት ቤቱን በር አስፍቶ፣ ግድግዳው ላይ መያዣ ብረት ገጥሞ፣ ምድጃውን የማበራበትን ቦታ እጄ እንዲደርስበት አድርጎ አስተካከለልኝ። በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት አንዲት ሻይ ለማፍላት ግማሽ ጠዋት ይፈጅብኝ ነበር፤ ግን የፈለግኩትን ያህል ስኳር የምጨምርበት የራሴ ሻይ ነበር። ቀስ በቀስ ቀኝ እግሬ ክብደቴን መሸከም ጀመረ፣ ግራውም በብረት ድጋፍ እየታገዘ ተከተለው፤ ዛሬ በዎከር ከወጥ ቤት እስከ መስኮቱ እሄዳለሁ፣ መንገድ ሲርቅ በዊልቼር እወጣለሁ። ሁለት ጊዜ ወድቄያለሁ። ሁለቱንም ጊዜ ለሄኖክ ደውያለሁ። የመጀመሪያውን ጊዜ እየሮጠ መጣ። በሁለተኛው፣ በስልክ «ራስሽ ትነሺያለሽ ወይስ ልምጣ?» ብሎ ጠየቀኝ። መጠየቁ ከመምጣቱ በለጠብኝ።

ይህ ሕመም ለያዛችሁ የምለው ይህ ነው። ሐኪም ፊት ደህና ነኝ አትበሉ። እዚያ የሄዳችሁት ደህና ስላልሆናችሁ ነው። ልጃችሁ ቢያስተረጉምላችሁ ጥሩ ልጅ አላችሁ ማለት ነው፤ ግን የማታውቁትን አስተርጓሚ ጠይቁ፣ በነጻ ያመጣሉ። ስለ ሽንት ሲጠይቋችሁ እውነቱን ተናገሩ። ጫማ ወልቆ ካልተሰማችሁ በዚያው ቀን ሂዱ። የማይሰማችሁ ቆዳ ይቆስላልና በመስተዋት እዩት፤ ስትቀመጡም በየጊዜው በእጃችሁ ተደግፋችሁ ከፍ በሉ። ለጠያቂዎች ደግሞ፦ ኑ፣ ምግቡንም አምጡ፣ ተቀመጡ። ከመንካታችሁ በፊት ግን ጠይቁ። በሽተኛው አይሆንም ካለ፣ ሲታገል ማየት ቢያቅታችሁም እዩ። የእኔ ዊልቼር መግፊያ አልተቆረጠም። ሲደክመኝ ግፉኝ እላለሁ። የምለው ግን እኔ ነኝ።

ውሸት ልትነግረኝ ያልወደደችውን ሐኪም፣ ስሟን የማላውቀውን አስተርጓሚ፣ ማርክን፣ ከሥራ አድረው የመጡትን ሴቶች ሁሉ አመሰግናለሁ። አስካለንም፤ እጇን ለመሰብሰብ ከሁላችን ይበልጥ ከብዷት ነበር።

ሉዝ ትከሻዋ እስከሚሆነው ድረስ ዳነ። ወደ ደሴቷ ተመልሳ ዊልቼር ላይ ያሉ ልጆችን ላሠልጥን ብላ ተነሳች። ሐኪሟ ውድድር እንደማይሆን ደግሞ አስጠነቀቃት።

«ማሠልጠን ነው ያልኩት» አለችው።

«ማሠልጠን ማለት ከፊት እየቀደምሽ ማሳየት ካልሆነ» አላት። 

የሄደች ዕለት ሄኖክ ሁለታችንንም፣ እኔንም በዊልቼሬ፣ አየር ማረፊያ አደረሰን። እዚያ ለተብርሃን ሥራ ላይ ነበረች። አይታኝ መጣች፣ ሳመችኝ፣ ጫማዬን አየች።

«አለ» አልኳት።

ከዚያ እንደ ልማዷ ከሉዝ ኋላ ሄደችና እጆቿን ዘረጋች። የሚያዝ ነገር አጣች። ሁለት እጆቿ አየር ላይ ቀሩ።

«ይሄ ምን ዓይነት ወንበር ነው?» አለችኝ።

«የማይገፋ ነው።»

ሉዝ ምን እንደተባባልን ጠየቀችኝ። «ይቺም እንዳንቺ ናት?» አለች።

«ከእኔ የባሰች ናት» አልኳት።

ሻንጣዋን ሰጥታ ጨረሰች። ትንሽ ቦርሳ ብቻ ጭኗ ላይ አደረገች። «አቴ፣ አጎንብሺ» አለችኝ። አጎነበስኩ። ግንባሬን ሳመችኝ።

ወደ ፍተሻው የሚወስደው መተላለፊያ ትንሽ ዳገት አለው። በእግሩ የሚሄድ ሰው አያስተውለውም፤ ዊልቼር የገፋ ያውቀዋል። ሉዝ መሃሉ ላይ ስትደርስ ቀዘቀዘች። ቀኝ ትከሻዋ ወደ ታች ወረደ። ለተብርሃን አየችኝ። ሄኖክም አየኝ። እጆቼ ሳላውቀው ተዘርግተዋል።

ሰበሰብኳቸው። ጭኔ ሥር አደረግኳቸውና ተቀመጥኩባቸው።

ጎማውን ያዘች። ገፋች። ደግማ ገፋች። ዳገቱን ጨርሳ ወደ ግራ ታጠፈች።